ውሃው አለፈ፣ ግጥሙ ቀረ፦ የመንዙ ከበደ ሚካኤል ሕይወት



ቲቪ ላይ ተከታታይ ድራማ ሲያልቅ ስሞች ይወርዳሉ። ደራሲ እገሌ፣ አዘጋጅ እገሌ እያለ ይቀጥላል። እውነቱን እንነጋገርና ብዙዎቻችን የደራሲውን ስም አናነብም። ስልክ ላይ ከሆነማ ስሙ ሳይወጣ ቀጣዩ ቪዲዮ ይጀምራል። ተዋናዩን በመንገድ ብናገኘው አብረነው ፎቶ እንነሳለን። ያስለቀሰንን ቃል ቁጭ ብሎ የጻፈውን ሰው ግን አጠገባችን ታክሲ ውስጥ ቢቀመጥም አናውቀውም።

ከደራሲዎች መሃል ደግሞ ሁለገብ የሚባሉ አሉ። የታሪክ ድራማ ስጣቸው ይጽፋሉ፣ የፍቅር ታሪክ ስጣቸው ይጽፋሉ፣ የልጆች ተረት ስጣቸው ይጽፋሉ፣ የውጭ ሥራ ስጣቸው ወደ አማርኛ መልሰው ያገራችን ታሪክ ያስመስሉታል። ዛሬ እንዲህ አይነት ሰው ቢገኝ የቴሌቪዥን ጣቢያዎች ይሻሙበታል።

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በ1957 ዓ.ም. ነው። ያኔ አንድ የመንዝ ሰው ይህን ሁሉ ሲጽፉ ሃያ ዓመት አልፏቸዋል። መድረኩ ቲያትር ቤት፣ ስክሪኑ ደግሞ የትምህርት ቤት መጽሐፍ ነበር። ስማቸው ከበደ ሚካኤል ይባላል። ስሙን የምታውቁት ልጆች አላችሁ፣ ለብዙዎቻችሁ ደግሞ የትምህርት ቤት ስም ወይም የመንገድ ላይ ወሬ ነው። ለመሆኑ ማን ነበሩ? ዛሬ እሱን እናወጋችኋለን።

▪ የደጋው ልጅ

ከበደ ሚካኤል የተወለዱት በ1909 ዓ.ም. ነው። ቦታው ሰሜን ሸዋ፣ በቀድሞው አጠራር መንዝና ግሼ አውራጃ፣ ገርም ገብርኤል ይባላል። ራቤል ያላችሁ፣ መሐል ሜዳ ያላችሁ፣ ሞላሌ ያላችሁ፣ አገሩን ለእናንተ መንገር ለቀባሪ ማርዳት ነው። ለሌሎቻችሁ ግን እንንገራችሁ። አብዛኛው ከ3,000 ሜትር በላይ የሆነ ብርዳም ደጋ ነው። ገብስ ይበቅልበታል፣ በግ ይረባበታል፣ ከበጉ ጠጉር ባና ይሠራል። የጓሳ ሣር የቤት ክዳን ነው። መሬቱ ጠባብ፣ ክረምቱ ጨካኝ ነው። ስለዚህ የመንዝ ልጅ ከጥንትም ጀምሮ ወይ ወታደር፣ ወይ ቄስ፣ ወይ ደግሞ ወደ ሸገር የሚወርድ እንጀራ ፈላጊ ነው።

1909 ራሱ ተራ ዓመት አልነበረም። ልጅ ኢያሱ ከሥልጣን የወረዱበት፣ ንግሥት ዘውዲቱ የነገሡበት፣ እዚሁ ሰሜን ሸዋ ውስጥ የሰገሌ ጦርነት የተካሄደበት ዓመት ነው። ማለትም ከበደ ሚካኤል ዓይናቸውን የገለጡት አንዱ መንግሥት ሄዶ ሌላው ሲመጣ ነው። ይህ ነገር በሕይወታቸው ደጋግሞ እንደሚመጣባቸው ያኔ ማን ያውቃል?

ያሳደጓቸው እናታቸው ናቸው። ስማቸውንም ልብ በሉት። ሚካኤል የአባታቸው ስም አይደለም፣ የእናታቸው አባት ስም ነው። በእናት ያደጉ ብዙ ልጆች ይህን ታሪክ ያውቁታል። አባት ወደ ዳር ሲሆን አያት ይገባል። ዛሬ በትምህርት ቤት መጻሕፍት ላይ የምናነበው ስም አንዲት እናት ለብቻቸው ልጅ ያሳደጉበት ታሪክ ማስታወሻ ነው ብንል አልተሳሳትንም።

መጀመሪያ የተማሩት የቤተ ክህነት ትምህርት ነው። ከዛ አዲስ አበባ ገብተው በፈረንሳይኛ የሚያስተምሩ ትምህርት ቤቶች ገቡ፣ አሊያንስም ከነሱ አንዱ ነው። ያን ጊዜ ኢትዮጵያ ውስጥ ዩኒቨርሲቲ የሚባል ነገር የለም። ዘመናዊ ትምህርት ማለት በአብዛኛው ፈረንሳይኛ ማለት ነበር። የፈረንሳይኛው ነገር በኋላ በሥራቸው ውስጥ ቁልጭ ብሎ ይታያል፣ እንመለስበታለን።

ትምህርቱ እየተደላደለ ሲሄድ ጣሊያን መጣ። ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. የፋሺስት ጦር አዲስ አበባ ገባ። ከበደ ሚካኤል ያኔ የ19 ዓመት ወጣት ናቸው። ልክ እንደናንተ። ትምህርታቸው በዚሁ ተቋረጠ፣ የተማሩ የእድሜ እኩዮቻቸው ብዙዎቹ ተገደሉ፣ የተረፉትም ተበተኑ። እሳቸው ከዛ በኋላ የተማሩትን በአብዛኛው በራሳቸው ንባብ ነው የተማሩት። ፈረንሳይኛውን ይዘው፣ ጣሊያንኛና እንግሊዝኛ ጨምረው፣ መጽሐፍ ካገኙ እያነበቡ። ወረቀት የሰጣቸው አልነበረም።

▪ ለልጆች የተጻፈ ከባድ ነገር

1933 ዓ.ም. ነጻነት ተመለሰ። አገሪቱ ግን ባዶ ነበረች። ትምህርት ቤት ይከፈት ተባለ። እሺ፣ ተማሪው ምን ያንብብ? በአማርኛ የተጻፈ ለልጅ የሚሆን መጽሐፍ በጣት የሚቆጠር ነበር። የ24 ዓመቱ ከበደ ሚካኤል የገቡት እዚህ ክፍተት ውስጥ ነው። «ብርሃነ ሕሊና»ን ጻፉ፣ «ታሪክና ምሳሌ»ን በተከታታይ ክፍል አወጡ።

«ታሪክና ምሳሌ» ምን አይነት መጽሐፍ ነው? አጫጭር ታሪኮች አሉት፣ አብዛኞቹ በግጥም። አንበሳና አይጥ የሚነጋገሩበት አይነት ተረት ከነኤዞፕና ከፈረንሳዩ ላ ፎንቴን መንደር ይመጣል፣ የጥንት ነገሥታትና የጠቢባን ታሪክም አለ። ግን ሲነበብ ፈረንጅ ፈረንጅ አይልም። ገጸ ባሕሪው የኛ ሰው ነው፣ የሚሰድበውም የሚመርቀውም በኛ ቋንቋ ነው። ግጥሙ ቤት ይመታል፣ ቀላል ነው፣ አንዴ ከያዙት ከአፍ አይወጣም። የዛሬ የቲክቶክ ልጆች ዜማ አንዴ ሰምተው እንደሚይዙት ማለት ነው። እስቲ ወላጆቻችሁን ወይም አያቶቻችሁን ጠይቁ። ከዛ መጽሐፍ አንድ ግጥም በቃሉ የሚወጣ ሰው ቤታችሁ ውስጥ ባይጠፋ ነው።

ከሁሉም የታወቀው የአዝማሪውና የውሃ ሙላቱ ነው። ታሪኩ እንዲህ ነው። አንድ አዝማሪ መንገድ ሲሄድ ወንዝ ሞልቶ ያገኛል። መሻገር አልቻለም። ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? ማሲንቆውን አውጥቶ ለውሃው ይዘፍንለት ጀመር። ያሞግሰዋል፣ ይለማመጠዋል፣ እንዲያሳልፈው። ጌታን በግጥም ማለዘብ የለመደ ሰው ነዋ። ሌላ መንገደኛ ያየውና ምን እየሠራህ ነው ይለዋል። ከዛ እውነቱን ይነግረዋል። ያ ያሞገስከው ውሃ እኮ አልፎ ሄዷል። አሁን ፊትህ ያለው ሌላ ነው። እሱም ሳይሰማህ ያልፋል።

ልጅ ሆነን ስንሰማው አዝማሪው ያስቀናል። ስናድግ ያስፈራል። ምክንያቱም ውሃው ውሃ ብቻ እንዳልሆነ ይገባናል። ውሃው ባለሥልጣን ነው፣ ዘመን ነው፣ ዛሬ ላይክ አድርጎ ነገ የሚረሳን ሕዝብም ነው። ከበደ ሚካኤል ይህን የጻፉት ገና ወጣት ሳሉ፣ ገና ሹመቱና ሽልማቱ ሳይመጣ ነው። ይህን ግጥም ያዙልን። የሕይወታቸውን ሁለተኛ ግማሽ ስንነግራችሁ ያስፈልገናል።

▪ ሮም የፈራችው አፍሪካዊ

አሁን ወደ መድረክ እንሂድ። የኢትዮጵያ ዘመናዊ ቲያትር የተጀመረው በሌላ የሰሜን ሸዋ ሰው ነው። የተጉለቱ በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1913 ዓ.ም. ገደማ አውሬዎች እየተነጋገሩ የሚተውኑበትን ተውኔት ጻፉ። ነገሩ ቤተ መንግሥቱን የሚነካ ሆኖ ተገኘና ታገደ። ስለዚህ ቲያትር በኛ አገር ገና ሲወለድ ነው ከመንግሥት ጋር የተጋጨው።

ከበደ ሚካኤል በ1938 ዓ.ም. «የትንቢት ቀጠሮ»ን ይዘው መጡ። በ1946 ደግሞ የሼክስፒርን «ሮሜዎና ዡልየት» በአማርኛ ግጥም አሳተሙ። ሼክስፒርን ወደ አማርኛ በማምጣት ከቀዳሚዎቹ አንዱ ናቸው። የነጸጋዬ ገብረ መድኅን ኦቴሎና ሐምሌት የመጡት ከዛ በኋላ ነው። እስቲ ርዕሱን ልብ በሉት። ጁሊየት አላሉም፣ ዡልየት አሉ። እንግሊዙን ሼክስፒር በፈረንሳይኛ አፍ ነው የጠሩት። አሊያንስ የተማረው ልጅ እዚህች አንዲት ፊደል ላይ ቁጭ ብሏል።

በ1948 ዓ.ም. «አኒባል» ወጣ። እዚህም ያው ነው፣ እኛ ሃኒባል የምንለውን ሰው እሳቸው በፈረንሳይኛው አኒባል አሉት። ሃኒባል የካርታጎ ሰው ነው፣ የዛሬዋ ቱኒዚያ። ከክርስቶስ ልደት 218 ዓመት በፊት ዝሆኖች ይዞ የአልፕስን ተራራ ተሻግሮ ጣሊያን ገባ። ከሁለት ዓመት በኋላ ካኔ በሚባል ቦታ የሮምን ሠራዊት እንዳልነበረ አደረገው። ሮማውያን ለብዙ ትውልድ ልጆቻቸውን በሱ ስም ያስፈራሩ ነበር ይባላል። በመጨረሻ ግን የገዛ አገሩ ሰዎች በቅጡ አልረዱትም። ተሸነፈ፣ ተሰደደ፣ ለሮማውያን ተላልፎ ከሚሰጥ ብሎ መርዝ ጠጥቶ ሞተ።

አሁን አስቡት። ጣሊያን ከወጣ ገና 15 ዓመቱ ነው። ሙሶሊኒ ራሱን የጥንቷ ሮም ወራሽ አድርጎ ነበር ጦሩን አዲስ አበባ ያስገባው። አዳራሹ ውስጥ የተቀመጡት ሰዎች ወንድማቸው የተገደለባቸው፣ ቤታቸው የተቃጠለባቸው ናቸው። እነሱ ፊት ሮምን ያንቀጠቀጠ አፍሪካዊ መድረክ ላይ ይወጣል። ከበደ ሚካኤል ስለ ፋሺስት አንድ ቃል መናገር አላስፈለጋቸውም። ተመልካቹ ራሱ ይሞላዋል። ሰምና ወርቅ ማለት ይሄ ነው። ሰሙ ከሁለት ሺህ ዓመት በፊት፣ ወርቁ ትናንት።

ለታሪክ ድራማ ጻፊዎች ትልቁ ትምህርት እዚህ ጋ ይመስለናል። የድሮ ታሪክ የሚጻፈው የድሮ ልብስ ለማሳየት አይደለም። ዛሬ ሰው የሚያመውን ነገር ለመንካት ነው። ጥያቄው አኒባል ምን ለበሰ ሳይሆን አኒባልን ዛሬ ለምን እናያለን ነው።

ሁሉን ማሞገስ ደግሞ አይሆንም። የከበደ ሚካኤል ተውኔቶች ዛሬ እንዳሉ ቢቀረጹ ብዙ ተመልካች የሚጨርሳቸው አይመስለንም። ገጸ ባሕርያቱ ረጅም ይናገራሉ። ብዙ ጊዜ አይተው ከሚሠሩት ይልቅ ቆመው የሚመክሩት ይበዛል። ምክራቸው ጥሩ ነው፣ ግን ምክር ነው። ያ ዘመን ቲያትርን እንደ ትምህርት ቤት ነበር የሚያየው፣ እሳቸውም አስተማሪ ነበሩ። ግጥማቸው ላይ ያለው ፍጥነት ተውኔታቸው ላይ ሁሌ የለም። አዝማሪው በአንድ ገጽ የሠራውን አንዳንዱ ንጉሥ በሦስት ገቢር አይሠራውም።

▪ አንድ ጥያቄ፣ ብዙ መልክ

ከበደ ሚካኤል ተውኔትና ግጥም ብቻ አልጻፉም። ከሃያ በላይ መጻሕፍት አሏቸው። ልብ ወለድ ተርጉመዋል፣ «ከይቅርታ በላይ» አንዱ ነው። የዓለምን ስመ ጥር ሰዎች ሕይወት «ታላላቅ ሰዎች» ብለው ጽፈዋል። ጋዜጠኛ ነበሩ፣ የሬዲዮ ፕሮግራም አቅራቢም ነበሩ። በ1941 ዓ.ም. «ኢትዮጵያና ምዕራባዊ ሥልጣኔ»ን፣ በ1946 ዓ.ም. ደግሞ «ጃፓን እንደምን ሠለጠነች»ን አወጡ።

ይህን ሁሉ አይነት ሥራ ስታዩ ሰውየው የተበታተኑ ሊመስላችሁ ይችላል። እኛ ግን ሥራዎቻቸውን ጎን ለጎን ስናያቸው ሁሉም ውስጥ አንድ ጥያቄ ነው የሚጮኸው። ሌላው ሲሄድ እኛ ለምን ቆምን?

የጃፓኑ መጽሐፍ ዋናው ማሳያ ነው። ለምን ጃፓን? አንድ የዓመት ነገር እንንገራችሁ። እ.ኤ.አ. በ1868 ጃፓን ውስጥ የሜይጂ ዘመን ተጀመረ፣ አገሪቱ በአንድ ትውልድ ውስጥ ትምህርት ቤት፣ ባቡርና ዘመናዊ ጦር ገነባች። በዛው በ1868፣ በኛ አቆጣጠር በ1860 ዓ.ም.፣ አፄ ቴዎድሮስ መቅደላ ላይ ራሳቸውን አጠፉ። እሳቸውም ዘመናዊ መድፍ ፈልገው ነበር፣ እሳቸውም አገሪቱን አንድ ለማድረግ ደክመው ነበር። ሁለት አገር፣ አንድ ዓመት። አንዷ ጉዞ ጀመረች፣ የሌላዋ ሕልም ጋፋት ላይ በቀለጠው ብረት ቀረ። ጃፓን እ.ኤ.አ. በ1905 ሩሲያን ስታሸንፍ እኛም አድዋ ላይ ጣሊያንን ካሸነፍን ገና ዘጠኝ ዓመታችን ነበር። የጦርነቱ ድል ሁለታችንም ጋ አለ። ፋብሪካው ግን እነሱ ጋ ነው ያለው።

ይህ ጥያቄ የከበደ ሚካኤል ብቻ አልነበረም። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ከሳቸው በፊት ጃፓን ደርሰው መጥተው ጽፈዋል። የ1923ቱ ሕገ መንግሥት ሲረቀቅም የጃፓኑ ታይቷል፣ ያረቀቁትም እኒያ የቲያትሩ ሰው ተክለ ሐዋርያት ናቸው። ከበደ ሚካኤል ግን ጥያቄውን ከቤተ መንግሥት አውጥተው ለተማሪው ሰጡት። መልሳቸውም ባጭሩ ትምህርት ነው። የሰውን ጥበብ ተማር፣ የራስህን አትጣል። ዛሬ ላይ ሆነን ይህ መልስ ትንሽ የዋህ ሊመስለን ይችላል። ተምረን ሥራ ያጣን ልጆች ነን እኮ! ጥያቄው ግን ዛሬም ትኩስ ነው። ኮሜንት ላይ በየቀኑ የምንሰዳደበው በዚሁ ጥያቄ አይደለም እንዴ?

▪ ወንዙ ሲሞላ

ከነጻነት በኋላ በነበሩት ዓመታት ከበደ ሚካኤል ወደ ላይ ወጡ። በትምህርት ሚኒስቴርና በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ሠሩ፣ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍትን መሩ። በ1950ዎቹ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሽልማት ድርጅት በአማርኛ ሥነ ጽሑፍ ሸለማቸው፣ ያኔ አንድ ደራሲ ሊያገኝ የሚችለው ትልቁ ክብር ነው። የውጭ አገር መንግሥታትም ኒሻን ሰጥተዋቸዋል።

መጽሐፎቻቸው ውስጥ ለንጉሠ ነገሥቱ የቀረበ ምስጋና አለ። ይህን መደበቅ አንፈልግም። በዛ ዘመን መጽሐፍ የሚታተመው፣ ቲያትር የሚታየው፣ ተማሪ ውጭ የሚላከው በቤተ መንግሥት ፈቃድ ነው። ምስጋናው ግማሹ እምነት፣ ግማሹ ደግሞ መሻገሪያ ሊሆን ይችላል። የአዝማሪውን ግጥም የጻፈ ሰው ይህን ሳያውቅ ቀርቶ ነው ማለት ግን ይከብደናል።

በ1958 ዓ.ም. «ካሌብ» ወጣ። ካሌብ በስድስተኛው መቶ ክፍለ ዘመን ባሕር ተሻግሮ የመን የዘመተው የአክሱም ንጉሥ ነው፣ በኋላ ዘውዱን ትቶ መነኮሰ የሚባለው። በ1960 ደግሞ «አክዓብ» መጣ። አክዓብን መጽሐፍ ቅዱስ ያነበባችሁ ታውቁታላችሁ። የእስራኤል ንጉሥ ነው። ስሙ ሲነሳ አብሮ የሚነሳ አንድ ታሪክ አለ። ናቡቴ የሚባል ተራ ሰው ከቤተ መንግሥቱ አጠገብ የወይን ቦታ ነበረው። ንጉሡ ፈለገው። ናቡቴ የአባቶቼን ርስት አልሰጥም አለ። በሐሰት ተከሰሰ፣ በድንጋይ ተወገረ፣ ንጉሡም ቦታውን ወረሰ።

ካሌብ ዘውድ የተወ ንጉሥ ነው። አክዓብ የሰው ርስት የወረሰ ንጉሥ ነው። ሁለቱ በሁለት ዓመት ልዩነት ነው የወጡት። ከዛ ስድስት ዓመት ቆይቶ አብዮት ፈነዳ።

▪ ውሃው ሲያልፍ

1966 ዓ.ም. መስከረም ሳይጠባ መሳፍንትና ሚኒስትሮች ታሠሩ። 1967 ሲገባ ንጉሡ በቮልስዋገን ተወሰዱ። በዚያው ዓመት ሐምሌ አዋጅ ቁጥር 47 ወጣ፣ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት የመንግሥት ሆነ። አዋጁ ለብዙ ድሃ ተከራይ እፎይታ ነበር፣ ይህም መረሳት የለበትም። በዚያ የመውረስ ዘመን ግን የከበደ ሚካኤልም ቤትና ንብረት ተወረሰ። የ58 ዓመት ሰው ነበሩ። የአክዓብን ታሪክ ለመድረክ የመረጡት ደራሲ የናቡቴ ዕጣ ደረሳቸው።

ከዛ በኋላ ያለው ታሪካቸው አጭር ነው፣ አጭር የሆነውም ብዙ ስለሌለው አይደለም፣ ስለማንም ስላልነገረው ነው። ከ20 ዓመት በላይ ከሕዝብ ዓይን ርቀው ኖሩ። ሹመት የለም፣ መድረክ የለም። የሸለማቸው ድርጅትም ከሸላሚው ጋር ሄዷል። ብዙ ሰው በሕይወት መኖራቸውን ረስቶ ነበር።

አሁን ያንን ግጥም አምጡት። ያሞገሱት ውሃ አለፈ። ቀጥሎ የመጣው ሌላ ውሃ ነው፣ እሱ አያውቃቸውም። ወጣቱ ከበደ ሚካኤል ሽማግሌውን ከበደ ሚካኤል ከ30 ዓመት በፊት አስጠንቅቀውት ነበር ማለት ነው።

ግን እዚህ ላይ ብናቆም ታሪኩን እናጣምመዋለን። ምክንያቱም እሳቸው የዘፈኑት ለውሃው ብቻ አልነበረም። ከወንዙ ዳር ልጆች ቆመው ይሰሙ ነበር። ቤታቸው በተወረሰበት ዘመን ሁሉ፣ ስማቸው በማይነሳበት ዘመን ሁሉ፣ አንድ መምህር አንድ ገጠር ትምህርት ቤት ውስጥ ያንን ግጥም በቃሉ ይለው ነበር። ልጁም ቤቱ ሄዶ ለእናቱ ይለዋል። እናቱ ፊደል አልቆጠረችም፣ ግጥሙን ግን ያዘችው። ቤት ይወረሳል። በቃል የተያዘ ግጥም ግን አዋጅ አይደርስበትም።

▪ ዶክተር ከበደ

በሕይወታቸው መጨረሻ አካባቢ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የክብር ዶክትሬት ሰጣቸው። ነገሩን ቆም ብለን እንየው። ጦርነት ትምህርታቸውን ሲያቋርጠው ዩኒቨርሲቲው ገና አልተወለደም፣ በኮሌጅነት የተከፈተው በ1943 ዓ.ም. ነው። ያኔ እሳቸው በርካታ መጻሕፍት አሳትመው ነበር። ማለትም መጻሕፍቱ ቀድመው ነው ዶክትሬቱ የተከተለው። ወረቀት ያስፈልጋል ወይስ ሥራ ለምትሉ ልጆች ይህ አንድ መልስ ነው። ወረቀት አያስፈልግም ማለታችን አይደለም። በየምሽቱ በራሱ ማንበብ የሚችል ሰው ግን ወረቀት እስኪመጣ ቁጭ ብሎ አይጠብቅም ማለታችን ነው።

ኅዳር 1991 ዓ.ም. በ82 ዓመታቸው አረፉ። መንግሥት ሲወድቅ ደጋግመው አይተዋል።  የተወለዱበት ዓመት የጀመረው በሥልጣን ለውጥ ነበር ብለናል አይደል? ኑሯቸውም እንደዛው ሄደ።

▪ ለምን ዛሬ አነሳናቸው?

ኢንቦክሳችን ውስጥ ስክሪፕት መጻፍ እፈልጋለሁ የሚሉ ልጆች ብዙ ናችሁ። ከራቤልም፣ ከዓለም ከተማም፣ ከደብረ ብርሃንም። ብዙዎቻችሁ እዚህ ደጋ ላይ ሆኜ ማን ያየኛል ነው የምትሉት። አዲስ አበባ የምታውቁት ሰው የለም። አልፎ አልፎ ደግሞ ለማን ብጽፍ ይታይልኛል፣ የትኛውን ሰው ባሞግስ በር ይከፈትልኛል የምትሉም አላችሁ።

እኛ ከከበደ ሚካኤል ሕይወት የያዝነው ይህን ነው። በር የሚከፍት ሰው ማግኘት አይከፋም፣ እሳቸውም አግኝተዋል። ግን ያ ሰው ውሃ ነው፣ ያልፋል። ቻናሉም ውሃ ነው፣ ስፖንሰሩም ውሃ ነው፣ ይህ አሁን የምታነቡበት ገጽም ውሃ ነው። ሥራችሁን ማን ይዞት እንደሚቀር ከማን ፈቃድ እንዳገኛችሁ በላይ ይወስናል። እሳቸውን ያቆያቸው ለሚኒስትር የጻፉት ሳይሆን ለአሥር ዓመት ልጅ የጻፉት ነው።

ሁለተኛው ነገር ሁለገብነት ነው። ግጥም፣ ተውኔት፣ ትርጉም፣ ታሪክ፣ ሬዲዮ። ዛሬ እኛም ሁሉን እንሞክራለን፣ ዛሬ ፕራንክ፣ ነገ ዜና፣ ከነገ ወዲያ ፊልም። ልዩነቱ እሳቸው አንድ ጥያቄ ይዘው ነው ቤት የቀያየሩት። የሚያንገበግባችሁ ጥያቄ ካላችሁ ኮሜዲም ጻፉ፣ የታሪክ ድራማም ጻፉ፣ ያው እናንተው ናችሁ። ከሌላችሁ ግን ዘጠኝ አይነት ብትጽፉም ዘጠኝ ሰው ነው የምትመስሉት።

ሦስተኛው ለኛ ለሰሜን ሸዋ ልጆች ነው። ተክለ ሐዋርያት ከተጉለት፣ ከበደ ሚካኤል ከመንዝ። የአገሪቱ ዘመናዊ ቲያትር ሁለት ትልልቅ ምሰሶዎች ከዚሁ ብርድ ነው የወጡት። መንዝ ሲነሳ ጀግንነቱና በጉ ብቻ ነው የሚነሳው፣ ብዕሩም አብሮ ይነሳ። ትምህርት ቤት ያላችሁ መምህራን፣ ለዓመት በዓል ዝግጅት ከዩቲዩብ ቀልድ ከመቅዳት የአዝማሪውን ግጥም ለሁለት ልጆች ስጧቸው። አንዱ አዝማሪ፣ አንዱ መንገደኛ ይሁን። ማሲንቆ ካላችሁ ጥሩ፣ ከሌላችሁም እንጨት ይበቃል። ለመድረክ ሌላ ምንም አያስፈልገውም።

«ታሪክና ምሳሌ» አሁንም መጽሐፍ መሸጫዎችና የመንገድ ላይ መጽሐፍ አዟሪዎች ጋ ይገኛል። አንድ ቅጂ የያዘ ሰው ለጎረቤቱ ያውሰው። ቤታችሁ ውስጥ ከሱ ግጥም በቃሉ የሚወጣ አባት፣ እናት ወይ አያት ካለ ደግሞ ስልካችሁን አውጡና ድምፃቸውን ቅረጹ። ለላይክ ብላችሁ አይደለም። እነሱም ያልፋሉ፣ ግጥሙ ግን ማለፍ የለበትም።